ዕቃ ሰባሪዋ ሠራተኛ፦ የማሪ ድሬስለር የሕይወት ታሪክ

ፊልም ገና ድምፅ ባልነበረው ዘመን ተመልካችን ለማሳቅ ቀላሉ መንገድ የቤት ሠራተኛን ማሳየት ነበር። ሠራተኛዋ ሰሃን ትሰብራለች፤ ሾርባውን እንግዳው ጭን ላይ ትደፋለች፤ የእመቤቷን ቀሚስ ለብሳ መስታወት ፊት ስትሽከረከር ትያዛለች፤ ምድጃ ስታቀጣጥል ቤቱን ታፈነዳለች። ቃል መናገር አያስፈልግም፤ የትም አገር ያለ ሰው ይገባዋል። ዛሬ ታሪኳን የምጽፍላችሁ ሴት በዚህ ዓይነት ቀልድ እንጀራዋን የበላች፣ ከዚያም ቀልዱን ቀስ በቀስ የለወጠች ናት። ስሟ ማሪ ድሬስለር ይባላል። ካረፈች ዘጠና ዓመት አልፏታል። ሥራዋ፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ ኑዛዜዋ፣ ለማኅበራችን አባላት የሚነግረው ነገር ስላለ ነው የመረጥኳት።

በመጀመሪያ ማሪ ወደ ፊልም ስትገባ ያገኘችው ቀልድ ምን እንደሚመስል ላሳያችሁ። እ.ኤ.አ. በ1903 ጆርጅ አልበርት ስሚዝ የተባለ እንግሊዛዊ አራት ደቂቃ ገደማ የሚፈጅ ፊልም ሠራ። ሜሪ ጄን የተባለችውን ሠራተኛ ሆና የተጫወተችው ባለቤቱ ሎራ ቤይሊ ናት። ሜሪ ጄን እንቅልፏ ሳይለቃት ወደ ማዕድ ቤት ትገባለች፤ ጫማ ስትጠርግ ቀለሙ ፊቷ ላይ ጢም ይሠራል። እሳቱ እምቢ ሲላት ላምባ ትጨምርበታለች፤ ምድጃው ይፈነዳል፤ እሷም በጭስ ማውጫው በኩል ወደ ሰማይ ትወነጨፋለች። ቀጥሎ የምናየው መቃብሯን ነው። ይህም አልበቃ ብሎ መንፈሷ ከመቃብር ተነሥቶ የላምባ ጣሳዋን ይፈልጋል። ከዚያ ሁለት ዓመት ቀደም ብሎ በአሜሪካ የኤዲሰን ኩባንያ ብሪጅት ማኪን ስለምትባል ሠራተኛ ተመሳሳይ ፊልም ሠርቶ ነበር። እሷም ምድጃው ላይ ጋዝ ታፈሳለች፤ እሷም ትፈነዳለች፤ ፊልሙም በመቃብሯ ድንጋይ ያበቃል።

ብሪጅት የሚለው ስም የተመረጠው ያለ ምክንያት አይደለም፤ የአየርላንድ ሴቶች ስም ነው። እ.ኤ.አ. ከ1845 ጀምሮ አየርላንድን ከመታው ረሃብ በኋላ እጅግ ብዙ ወጣት ሴቶች ብቻቸውን ባሕር ተሻግረው አሜሪካ ገቡ፤ አብዛኞቹም ሰው ቤት ተቀጠሩ። ከደመወዛቸው ቆጥበው ለወላጆቻቸው ገንዘብ ላኩ፤ የታናናሾቻቸውን የመርከብ ትኬት ገዙ። በጋዜጣ ሥዕልና በመድረክ ቀልድ ውስጥ ግን ብሪጅት ሁልጊዜ ዕቃ ሰባሪ፣ ተሳዳቢና ደንባራ ነበረች። ቀልዱ የሚደብቀው ነገር አለ። ይህች ልጅ ያደገችው መሬት ላይ እሳት በሚነድበት ጎጆ ነው፤ አይታው በማታውቀው የብረት ምድጃ ፊት የሚያሳያት ሰው ሳይኖር ቆመች። ላምባ ደግሞ በዚያ ዘመን በእውነት ሴቶችን ያቃጥልና ይገድል ነበር። ተመልካቹ ይስቅ የነበረው በሚያውቀው አደጋ ላይ ነው ማለት ነው። እንዲህ ያለ ወሬ ለእኛ አገር ሴት እንግዳ አይመስለኝም።

ልጅነት

ማሪ ድሬስለር የተወለደችው እ.ኤ.አ. ኅዳር 9 ቀን 1868 ኮበርግ በምትባል የካናዳ ከተማ፣ በኦንታሪዮ ክፍለ ሀገር ነው። የልደት ስሟ ሊላ ማሪ ከርበር ነበር። አባቷ በክሪሚያ ጦርነት የተዋጋ፣ በኋላ የሙዚቃ መምህርና የቤተ ክርስቲያን ኦርጋን ተጫዋች የሆነ ጀርመናዊ ነው። ቁጡ ሰው ስለነበር አንድ ቦታ አይረጋም ነበር፤ ቤተሰቡም ከከተማ ወደ ከተማ ሲዞር ኖረ። እናቷም ሙዚቀኛ ነበረች። ማሪና ታላቅ እህቷ ቦኒታ ያደጉት ጎዶሎው በማይሞላ ቤት ውስጥ ነው።

ማሪ ከልጅነቷ ጀምሮ ወፍራምና ግዙፍ ነበረች፤ መልኳም በዘመኑ መለኪያ ቆንጆ የሚያሰኛት አልነበረም። ሰው ሳያውቅ ከሚስቅባት እሷ ራሷ አስባበት ብታስቀው እንደሚሻል የተረዳችው ገና ልጅ ሳለች ነው። በ14 ዓመቷ ዕድሜዋን 18 ብላ ዋሽታ ከአንድ ተዘዋዋሪ የቲያትር ቡድን ጋር ከቤት ወጣች። አባቷ የቤተሰቡ ስም መድረክ ላይ እንዳይጠራ ስለተቃወመ ድሬስለር የሚለውን ስም ከአክስቷ ወሰደች። ደመወዟ በሳምንት ቢበዛ 8 ዶላር ቢሆን ነው፤ ግማሹን ለእናቷ ትልክ ነበር።

መድረክ

ቀጥለው የመጡት ዓመታት የጉዞ ዓመታት ናቸው። በርካሽ ማረፊያ ቤቶች አደረች፤ በኦፔራ ቡድኖች ውስጥ በኅብረ ዘማሪነት ሠራች፤ አንዱን ሚና ዛሬ አጥንታ ሌላውን ነገ ተጫወተች። እ.ኤ.አ. በ1892 ኒው ዮርክ ብሮድዌይ መድረክ ላይ ወጣች። ያ የመጀመሪያ ተውኔት አምስት ሳምንት ብቻ ቢቆይም ደራሲው ሞሪስ ባሪሞር የማሪ መንገድ ቀልድ መሆኑን ነገራት። ምክሩን ተቀበለች። እ.ኤ.አ. በ1896 በተሠራ አንድ የሙዚቃ ኮሜዲ ታዋቂ ሆነች።

ነገር ግን ገንዘብ እንደመጣ አይቀመጥም። ከአንድ ኃይለኛ የቲያትር ባለንብረት ጋር ተጣልታ ለጊዜው ከዋና ዋና መድረኮች ታግዳለች። እ.ኤ.አ. በ1909 ለንደን ላይ በራሷ ገንዘብ ያሳየችው ትርኢት በአንድ ሳምንት ተዘጋ፤ 40,000 ዶላር ከሰረች፤ በፍርድ ቤት ኪሳራ እስከ ማስመዝገብ ደረሰች። ይህን ዕዳ ከፍላ የጨረሰችው ከ21 ዓመት በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ1930 ነው። በትዳርም አልቀናትም። የመጀመሪያው በፍቺ አበቃ፤ ከዚያ በኋላ ለብዙ ዓመታት አብራው የኖረችውና ሥራዋን ያስተዳድርላት የነበረው ሰው ከሌላ ሴት ጋር የነበረውን ትዳር በሕግ ያላፈረሰ ነበር።

ከለንደን ባዶ እጇን በተመለሰች በዓመቱ፣ እ.ኤ.አ. ግንቦት 1910፣ «የቲሊ ቅዠት» የተባለው የሙዚቃ ተውኔት ኒው ዮርክ ላይ ተከፈተ። ቲሊ በአንድ የኪራይ ማረፊያ ቤት የምትሠራ ሠራተኛ ናት። ከጎህ እስከ ሌሊት ትፈትጋለች፣ ታጥባለች፣ ትጠራለች፣ ትላካለች። አንድ ቀን እንቅልፍ ሲጥላት በሕልሟ ሀብታም ሆና በትልቅ ከተማ ትንሸራሸራለች፤ ስትነቃ የሚጠብቃት ያው ሥራዋ ነው። ማሪ በዚህ ተውኔት ውስጥ የዘፈነችው ስለ ሠራተኛ ልጅ የሚያወራ የቀልድ ዘፈን በአገሩ ሁሉ ተሰማ። ተመልካች በቲሊ መውደቅ ይስቃል፤ ሕልሟ ሲያበቃ ግን ያዝንላታል። ሜሪ ጄን በጭስ ማውጫ ስትወነጨፍ ያዘነላት አልነበረም። ማሪ ለዚያ ቀልድ የጨመረችለት ይህን ነው።

የተነፈሰው የቲሊ ፍቅር

እ.ኤ.አ. በ1914 ማክ ሴኔት የተባለው የኪስተን ፊልም ድርጅት ባለቤት ማሪን ወደ ካሊፎርኒያ ጠራት። ሴኔት የሚሠራቸው ኮሜዲዎች አጫጭር ነበሩ፤ አብዛኞቹ በሳምንት ያልቃሉ። ለማሪ ግን ስድስት ጥቅል ፊልም የሚወስድ፣ ከአንድ ሰዓት በላይ የሚታይ ሥራ አሰበ። ቀረጻው 14 ሳምንት ፈጀ። ብዙ የፊልም ታሪክ ጸሐፊዎች የመጀመሪያው ረጅም ኮሜዲ ይሉታል። የፊልሙ ስም ጎማ ሲተነፍስ እንደምንለው ዓይነት ነው፤ «የተነፈሰው የቲሊ ፍቅር» ብንለው ያስኬዳል። አብረዋት የተጫወቱት ያን ጊዜ 25 ዓመቱ የነበረውና ገና ስሙ ያልገነነው ቻርሊ ቻፕሊን፣ እንዲሁም ሜብል ኖርማንድ ናቸው። በዚህ ፊልም ዋናዋ ኮከብ ማሪ ነበረች፤ ቻፕሊን ከእሷ ሥር ነው የተሰለፈው።

ታሪኩ እንዲህ ነው። ቲሊ የገበሬ ልጅ ናት። ከከተማ የመጣ አታላይ፣ ማለትም ቻፕሊን፣ የአባቷን ገንዘብ አይቶ በፍቅር ስም ይዟት ይኮበልላል። ከተማ ሲደርሱ ከቀድሞ ወዳጁ ከሜብል ጋር ሆኖ ቦርሳዋን ይነጥቃትና ጥሏት ይጠፋል። ቲሊ መጠጥ ቀምሳ ትታሰራለች፤ ስትፈታም በአንድ ምግብ ቤት አስተናጋጅ ሆና ትቀጠራለች። ዕቃ ሰባሪዋ ሠራተኛ እዚህ ትገባለች፤ ትሪው ይንጋደዳል፣ ሰው ይገፋል፣ ምግብ ይደፋል። በኋላ ሀብታም አጎቷ ተራራ ላይ ሞተ ተብሎ ውርሱ ለእሷ ሲደርስ አታላዩ ተመልሶ ይመጣና ያገባታል። ቲሊ በትልቅ ግቢ ውስጥ እመቤት ትሆናለች። ሜብል ደግሞ ሰውየውን ለመከታተል ብላ እዚያው ቤት የቤት ሠራተኛ ሆና ትቀጠራለች። ግብዣ ላይ ነገሩ ሁሉ ይፈነዳል፤ አጎቱም አልሞተም ኖሯል። ቲሊ ሽጉጥ ይዛ ባሏን ታሳድዳለች፤ ፖሊሶች እሷን ያሳድዳሉ፤ መኪና ከመኪና ይጋጫል፤ በመጨረሻ ሁሉም ከወደብ ድልድይ ባሕር ውስጥ ይወድቃሉ።

የዚህ ዓይነቱ ቀልድ ሥራ በጣም አድካሚ ነው። መውደቁ የምር ነው፤ ተዋናይዋ እንዳትሰበር የሚያድናት ልምዷ ብቻ ነው። ከ90 ኪሎ በላይ የምትመዝን፣ 45 ዓመት የሞላት ሴት ቀኑን ሙሉ ስትወድቅ፣ ስትነሣና እንደገና ስትወድቅ ምን ያህል ችሎታ እንደሚጠይቅ አስቡት። ዝርክርክ መስሎ ለመታየት ሰውነትን በልክ ማዘዝ ያስፈልጋል። ትሪው በትክክለኛው ቅጽበት ካልተንጋደደ ቀልዱ ይሞታል።

ለእኔ ግን ትልቁ ነገር የፊልሙ መጨረሻ ነው። ቲሊና ሜብል ከባሕር ወጥተው በውኃ እንደራሱ ይተያያሉ። ሰውየው ለሁለታቸውም እንደማይረባ ይገባቸዋል። እሱን ትተው እርስ በርስ ይተቃቀፋሉ። በ1914 በተሠራ የድብደባና የመውደቅ ኮሜዲ ውስጥ ሙሽራ ከሙሽራው ጋር ሳይሆን ሁለት የተታለሉ ሴቶች ተቃቅፈው ፊልሙ ያበቃል።

ከዚያ በኋላ ማሪ በቲሊ ስም ሁለት ፊልም ሠራች። እ.ኤ.አ. በ1917 ደግሞ ወለል ፈታጊ ሆና የተጫወተችበት አጭር ኮሜዲ ወጣ። አንደኛው የዓለም ጦርነት ሲመጣ ለመንግሥት የጦርነት ቦንድ ለመሸጥ ከከተማ ከተማ ዞረች። ቻፕሊን በኋላ በሕይወት ታሪኩ እንደተረከው፣ ዋሽንግተን ላይ ንግግር ሲያደርግ አዳልጦት ማሪን ይዟት ሁለቱም ከመድረኩ ሲወድቁ ያረፉት በአንድ ወጣት ባለሥልጣን ላይ ነበር። ያ ባለሥልጣን በኋላ የአሜሪካ ፕሬዚዳንት የሆነው ፍራንክሊን ሩዝቬልት ነው።

የሥራ ማቆም አድማው

በማሪ ሕይወት ውስጥ ማኅበር ለመሠረቱ ሴቶች ከሁሉም ይበልጥ የሚቀርበው ዓመት እ.ኤ.አ. 1919 ነው።

በብሮድዌይ መድረኮች ከዋና ተዋናዮች ጀርባ የሚዘፍኑና የሚጨፍሩ በመቶዎች የሚቆጠሩ ወጣት ሴቶች ነበሩ። እነዚህ ልጆች ትርኢቱ እስኪከፈት ድረስ ለሳምንታት ሲለማመዱ አንድ ሳንቲም አይከፈላቸውም። ትርኢቱ በሳምንቱ ቢዘጋ ልፋታቸው ከንቱ ነው። ካልሲና ጫማ የሚገዙት ከኪሳቸው ነው። ሩቅ ከተማ ሄደው ሥራው ቢቋረጥ መመለሻ የሚሰጣቸው የለም። ታዋቂ ተዋናዮች ማኅበራቸውን ያቋቋሙት እ.ኤ.አ. በ1913 ቢሆንም የኅብረት ዘፋኞቹና ጨፋሪዎቹ የራሳቸው ማኅበር አልነበራቸውም።

እ.ኤ.አ. ነሐሴ 7 ቀን 1919 ተዋናዮች ሥራ አቆሙ። በቀናት ውስጥ የኅብረት ዘፋኞችና ጨፋሪዎች ማኅበር ተመሠረተ፤ የመጀመሪያዋ ሊቀ መንበር ሆና የተመረጠችው ማሪ ድሬስለር ናት። ያን ጊዜ ዕድሜዋ 50 ዓመት ነበር፤ ስሟም በአገሩ የታወቀ ነው። ዝም ብላ ብትቀመጥ የሚነካት አልነበረም። እሷ ግን በልጅነቷ ከኋላ ረድፍ ቆማ የዘፈነችበትን ጊዜ አልረሳችም። አድመኞቹ ገንዘብ ለማሰባሰብ በራሳቸው ትርኢት ሲያዘጋጁ እሷም ከልጆቹ ጋር መድረክ ላይ ወጣች። አድማው 30 ቀን ቆየ፤ ወደ ስምንት ከተሞች ተዛመተ፤ 37 ትርኢቶችን ዘጋ። መስከረም 6 ቀን ባለንብረቶቹ ከማኅበሩ ጋር ተፈራረሙ፤ ልምምድ ያለ ክፍያ የሚቆይበት ጊዜ ተገደበ።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ በሉልኝ። ማሪ ለልጆቹ ገንዘብ አልመጸወተችም። ስሟን ሰጠቻቸው፤ ወንበር ላይ ተቀምጣ ስብሰባቸውን መራች፤ የሚመጣውን ቁጣ አብራቸው ተቀበለች። ረዳቶቻችንም ሆንን እኛ አባላቱ ስለ እርዳታ ስናስብ በእነዚህ ሁለቱ መካከል ያለውን ልዩነት ማየት ይጠቅመናል።

ቁጣውም አልቀረም። ባለንብረቶቹ በአድማው የመራቻቸውን ሴት አልረሱም። የመድረክ ፋሽንም ተለወጠ፤ ሰው ወጣትና ቀጭን ሴት ፈለገ። ማሪ ሃምሳዎቹን ስትጨርስ ሥራ የላትም ነበር። በቀድሞ ስሟ እየተጋበዘች ትበላለች፤ ግን የሚቀጥራት አልነበረም። ፓሪስ ሄዳ ትንሽ ሆቴል ለመክፈት እስከ ማሰብ ደርሳለች።

ጓደኛ የጻፈችላት ፊልም

ማሪን ከወደቀችበት ያነሣቻት ሴት ጓደኛ ናት። ፍራንሲስ ማሪዮን ወጣት የጋዜጣ ሠራተኛ በነበረችበት ጊዜ፣ እ.ኤ.አ. በ1911 ገደማ፣ ሳን ፍራንሲስኮ ላይ ማሪን እንድታነጋግር ተልካ ነበር። ማሪ ከጋዜጣው ባለቤት ጋር ተጣልታ ስለነበር መጀመሪያ እምቢ አለች። ልጅቷ ባዶ እጇን ብትመለስ ከሥራ እንደምትባረር ስትሰማ ግን ቃለ ምልልሱን እንደሰጠቻት ይነገራል። ከአሥራ አምስት ዓመት በኋላ ፍራንሲስ ማሪዮን በሆሊውድ ከፍተኛ ደመወዝ ከሚከፈላቸው የፊልም ጸሐፊዎች አንዷ ሆነች። የማሪን ችግር በወዳጅ ደብዳቤ ስትሰማ የኤም.ጂ.ኤም. ኃላፊዎችን አግባብታ ለማሪ የሚሆን ፊልም ጻፈችላት።

ፊልሙ እ.ኤ.አ. በ1927 ወጣ፤ ስለ ሁለት የአየርላንድ ቤተሰብ እናቶች የሚያወራ ኮሜዲ ነው። ማሪ ጎበዝ ተብላ ተወደሰች። ነገር ግን አየርላንዳውያን አሜሪካውያን በፊልሙ ተቆጡ። ሰካራም፣ ተደባዳቢና ዝርክርክ ተደርገን መሳል በቃን አሉ፤ አዳራሾች ውስጥ ተቃውሞ ተነሣ፤ ኩባንያው ፊልሙን ከገበያ ለማውጣት ተገደደ። የብሪጅት የልጅ ልጆች ማለት ናቸው። አያቶቻቸው በማዕድ ቤት ሆነው መልስ ሊሰጡበት ያልቻሉትን ቀልድ እነሱ ማኅበርና ጋዜጣ ስለነበራቸው አስቆሙት። ማሪም ከመካከሉ ነበረች፤ በዚያ ቀልድ ስትኖር ቆይታ ቀልዱ ሲዘጋ በዓይኗ አየች።

በስልሳ ዓመቷ

ወዲያው ፊልም መናገር ጀመረ። ብዙ ወጣት ኮከቦች ድምፃቸው አልሆን ብሎ ሲወድቁ አርባ ዓመት መድረክ ላይ የጮኸችው ማሪ ተፈለገች። እ.ኤ.አ. በ1930 ግሬታ ጋርቦ ለመጀመሪያ ጊዜ በተናገረችበት ፊልም ውስጥ አንዲት የወደብ ዳር ሰካራም አሮጊት ሆና ቀረበች፤ ሰውም ከጋርቦ እኩል ስለ እሷ አወራ። በዚያው ዓመት ከዋላስ ቢሪ ጋር «ሚንና ቢል»ን ሠራች። ሚን ወደብ ዳር ትንሽ ማረፊያ ቤት የምታስተዳድር ሴት ናት፤ እናቷ ጥላት የሄደችውን ልጅ አሳድጋለች። ልጅቷ መልካም ትዳር በምትይዝበት ቀን ያቺ እናት ሁሉን ልታበላሽ ስትመጣ ሚን ትገድላታለች። ሙሽሮቹ በመርከብ ሲሄዱ ሚን ከሕዝቡ መካከል ሆና ትሸኛለች፤ ፖሊስም ይይዛታል። እ.ኤ.አ. ኅዳር 10 ቀን 1931፣ 63 ዓመት በሞላት ማግስት፣ ማሪ በዚህ ፊልም የምርጥ ተዋናይት የኦስካር ሽልማት ተቀበለች።

እ.ኤ.አ. በ1932 የወጣው «ኤማ» ደግሞ ወደ ቤት ሠራተኛዋ መለሳት። ታሪኩ የፍራንሲስ ማሪዮን ነው። ኤማ ሚስቱ የሞተችበትን ሰው አራት ልጆች ያሳደገች ሠራተኛ ናት። ከብዙ ዓመት በኋላ ሰውየው ያገባታል፤ ብዙም ሳይቆይ ይሞትና ሀብቱን ለእሷ ይተዋል። ልጆቹ፣ ከታናሹ በቀር፣ ያጠባቸውንና ያለበሳቸውን እጅ ረስተው አባታችንን ገደለች ብለው ይከሷታል። ታናሹ ሊያድናት በአውሮፕላን ሲመጣ በማዕበል ይሞታል። ኤማ ነፃ ስትወጣ ሀብቱን ለልጆቹ ትተውላቸውና ሌላ ቤት ተቀጥራ እንደገና የሰው ልጅ ታሳድጋለች። በዚህ ፊልም ላይም ማሪ ትወድቃለች፣ ትደናቀፋለች፤ ነገር ግን ተመልካቹ የሚያለቅስበት ጊዜ ይበዛል። ለሁለተኛ ጊዜ ለኦስካር ታጨች።

የመጨረሻ ፊልሟ እ.ኤ.አ. በ1933 የወጣው «ክሪስቶፈር ቢን» ነው። በዚህም አቢ የምትባል የቤት ሠራተኛ ናት። በአንድ የገጠር ሐኪም ቤት የሞተ ሠዓሊ ትቷቸው የሄደ ሥዕሎች ነበሩ፤ ቤተሰቡ ግን እንደ ተራ ዕቃ አበላሽቷቸዋል። ሥዕሎቹ ብዙ ገንዘብ ማውጣታቸው ሲሰማ ስግብግብነት ቤቱን ያምሰዋል። ሥዕሎቹን በክብር ያስቀመጠችላቸው አቢ ናት፤ በመጨረሻም የሠዓሊው ሕጋዊ ሚስት እሷ እንደነበረች ይታወቃል፤ ሥዕሎቹም የእሷ ናቸው። ጉዞውን አስተውሉት። ሜሪ ጄን ፈንድታ ቀረች፤ ቲሊ በሕልሟ ሀብታም ሆነች፤ ኤማ ያገኘችውን መልሳ ሰጠች፤ አቢ ግን የራሷ የሆነውን ይዛ ወጣች።

እ.ኤ.አ. በ1932 እና በ1933 የአሜሪካ ሲኒማ ቤት ባለቤቶች ተመልካች ከሁሉ ይልቅ የሚወደውን ኮከብ ሲመርጡ አንደኛ የወጣችው ማሪ ናት። ያ ዘመን ሚሊዮኖች ሥራ ያጡበት የኢኮኖሚ ውድቀት ዘመን ነበር። ከስልሳ ዓመት ያለፈች፣ ወፍራም፣ ፊቷ የተሸበሸበ ሴት ከቆነጃጅቱ ሁሉ በለጠች። ሰው የእናቱን ወይም የጎረቤቱን ፊት አየባት።

ኑዛዜው

በዚህ ሁሉ ጊዜ ካንሰር ይዟት ነበር። የኩባንያው አለቃ በሽታውን ከሐኪሞች ሰምቶ መጀመሪያ ከእሷ ደብቆታል። ማሪ ካወቀችም በኋላ ሠራች። እ.ኤ.አ. ሐምሌ 28 ቀን 1934 ካሊፎርኒያ ውስጥ ሳንታ ባርባራ ላይ በ65 ዓመቷ አረፈች። የተወለደችበት ከተማ ኮበርግ የልጅነት ቤቷን እስከ ዛሬ በስሟ ጠብቆ መታሰቢያ አድርጎላታል።

ከንብረቷ አብዛኛውን ለእህቷ ለቦኒታ አወረሰች። ሌላም ስም በኑዛዜው ላይ ነበር፤ ሜሚ ኮክስ። ሜሚ በማሪ ቤት ሃያ ዓመት ያገለገለች ጥቁር አሜሪካዊት ሠራተኛ ናት። ማሪ ገንዘብ ባልነበራት ዓመታትም አልተለየቻትም። ማሪ ለሜሚ 35,000 ዶላርና የራሷን ውድ መኪና፣ በአስተናጋጅነት ለአራት ዓመት ላገለገላት ለሜሚ ባል ለጄሪ ደግሞ 15,000 ዶላር ተናዘዘች። ያን ጊዜ በአሜሪካ ደቡብ ጥቁር ተጓዥ ብዙ ሆቴል አያስገባውም ነበር፤ የማሪ ፍላጎት ገንዘቡ ለጥቁር መንገደኞች ማረፊያ እንዲሆን ነው። ባልና ሚስቱም እ.ኤ.አ. በ1936 በጆርጂያ፣ ሳቫና ከተማ የምሽት ክበብና የእንግዳ ማደሪያ ቤቶች ከፈቱ።

ይህን ታሪክ የመረጥኩት ስለዚህ ነው። ሌሎች ሴቶችን ማሳቅ ቀላል ነበር፤ ሠራተኛን ተጫውታ ሀብታም መሆንም ይቻላል። ማሪ ግን በመድረክ የምትጫወታት ሴት በቤቷ ውስጥ በእውነት እንዳለች አልረሳችም። ያገለገለቻትን ሴት በስም ጠርታ በሕግ በሚጸና ወረቀት ላይ አሰፈረቻት፤ ሜሚም በዚያ ገንዘብ የራሷ ቤት እመቤት ሆነች።

በመካከላችን በከተማም ሆነ ባሕር ማዶ ሰው ቤት ሠርተው ያለፉ እህቶች አሉ። ዛሬ ዕቁቡና ብድሩ ረድቷቸው ሱቅ የከፈቱ፣ በተራቸውም ሠራተኛ የቀጠሩ አሉ። ቡና ላይ ስንቀመጥ ከገጠር ስለመጣችው ልጅ የሚወራው ቀልድ ይታወቃል፤ ምጣድ የሰበረችው፣ ማቀዝቀዣ የፈራችው፣ ነጠላውን በበረኪና ያነጣችው። መሳቅ ክፉ አይደለም፤ ማሪም ዕድሜዋን ሙሉ አስቃለች። ነገር ግን ሳቁ ሲያበቃ ለዚያች ልጅ ደመወዟ በቀኑ ይሰጣታል ወይ? ስሟ የተጻፈበት የቁጠባ ደብተር አላት ወይ? ምድጃውን እንዴት እንደሚያቀጣጥሉት ከመቆጣታችን በፊት አሳይተናታል ወይ? በዚህ ዓመት እያንዳንዳችን ቤታችን ላለችው ልጅ አንድ የቁጠባ ደብተር ብንከፍትላት፣ ማታ ትምህርት ቤት ብንልካት፣ የማኅበራችንም አባል ብትሆን ወጪው ከምናስበው ያነሰ ነው።

የማሪ የድምፅ አልባ ፊልሞችና የሜሪ ጄን ፊልም የባለቤትነት መብታቸው አልፎ በነፃ የሚታዩ ሆነዋል። ንግግር ስለሌላቸው ያለ አስተርጓሚም ብዙው ይገባል። በአንዱ የወር ስብሰባችን ሠራተኞቻችንንም ጠርተን አብረን ብናያቸው ደስ ይለኛል።